ክሱን ላሻሽል፣ ላንሳው ወይስ ሌላ ልክፈት? ለንግድ ክርክር የምርጫ መመሪያ

የንግድ ክስ ብዙ ጊዜ በችኮላ ይጻፋል። ገንዘቡ ተይዟል፣ የባንክ ወለድ ይቆጥራል፣ ደንበኛው ስልክ አያነሳም። ጠበቃው ጋ የሚደርሰው ሰነድም ግማሹ ነው። ክሱ ይከፈታል፣ መጥሪያ ይወጣል። ከዚያ በኋላ አንድ የተረሳ ደረሰኝ ከመሳቢያ ይገኛል። ወይም የተከሳሹ መልስ ይመጣና "ውሉን የፈረምኩት ለድርጅቱ እንጂ ለራሴ አይደለም" ይላል። ጥያቄው የሚነሳው ይሄኔ ነው። ክሱን እናሻሽል? እናንሳው? ወይስ ሌላ ክስ እንክፈት?

ጥሩ ማስረጃ ይዞ በዚህች ምርጫ ምክንያት የሚሸነፍ ነጋዴ ያሳዝነኛል። ሕጉ በቂ በር ከፍቷል። በሮቹ ግን አንድ ዓይነት አይደሉም። አንዱ ቶሎ ይዘጋል፣ አንዱ ሲገቡበት ወደኋላ አይመልስም። እዚህ የማወራው ኢትዮጵያ ውስጥ፣ በተለይ አዲስ አበባ ባሉት የፌዴራል ፍርድ ቤቶች፣ በ1958 ዓ.ም. በወጣው የፍትሐ ብሔር ሥነ ሥርዓት ሕግ ስለሚመራው ክርክር ነው። የሕጉን ስም ሳልጠራ "ቁጥር" ብቻ ስል የዚህን ሕግ አንቀጽ ማለቴ ነው።

ነገሩ እንዲጨበጥ አንድ ምናባዊ ክርክር እንያዝ። አንድ የፌሮ አቅራቢ ለአንድ የሕንፃ ተቋራጭ ኩባንያ ፌሮ ሸጠ። ውል አለ፣ የርክክብ ሰነድ አለ። ያልተከፈለው 9,200,000 ብር ነው። አቅራቢው በፌዴራል የመጀመሪያ ደረጃ ፍርድ ቤት ክስ መሠረተ። በክሱ ላይ የጠየቀው ዋናውን ገንዘብ ብቻ ነው። ወለድ አልጠየቀም። ውሉ ላይ ለዘገየ ክፍያ የተቀመጠውን 1,100,000 ብር መቀጫም ረስቶታል። ተከሳሽ ብሎ የጻፈው ደግሞ ውሉ ላይ የፈረመውን ሥራ አስኪያጅ በግል ስሙ ነው። ሦስት ጉድለት በአንድ ክስ። ሦስቱም ግን የሚፈቱት በአንድ መንገድ አይደለም።

መጀመሪያ ጉድለቱ የት እንዳለ ለዩ

ከምርጫው በፊት ራሳችሁን አንድ ነገር ጠይቁ። የጎደለው ታሪኩ ነው፣ የተጠየቀው ዳኝነት ነው፣ የተከሰሰው ሰው ነው ወይስ ማስረጃው?

ታሪኩ ስንል ፍሬ ነገሩን ማለታችን ነው። መቼ ተዋዋላችሁ፣ ምን ተረከበ፣ መቼ መክፈል ነበረበት። ዳኝነት ስንል ከፍርድ ቤቱ የምትፈልጉት ውሳኔ ነው። ዋናው ገንዘብ፣ ወለድ፣ መቀጫ፣ የውል መፍረስ። በእነዚህ በሁለቱ ላይ ጉድለት ካለ ቀጥተኛው መንገድ ክስ ማሻሻል ነው። የተከሰሰው ሰው ከተሳሳተ መንገዱ ሌላ ቁጥር ነው። የጎደለው ማስረጃ ብቻ ከሆነ ደግሞ ክስ ማሻሻል ፈጽሞ አያስፈልግም።

ይህን የመጨረሻውን ልድገመው፤ ብዙ ሰው የሚወድቅበት ነውና። ከክሱ ጋር የሚያያዘው የማስረጃ ዝርዝር በቁጥር 223 የሚቀርብ ነው። አንድ ደረሰኝ ስለተረሳ "ክሴን ላሻሽል" ብሎ ማመልከት ለተከራካሪው ወገን አዲስ መልስ የመስጠት ዕድል ይከፍትለታል። መዝገቡም ይጓተታል። የተረሳ ሰነድ የሚገባው ተጨማሪ ማስረጃ እንዲቀርብ በመጠየቅ ነው። ለምን በጊዜው እንዳልቀረበ በቂ ምክንያት መስጠት ያስፈልጋል። ሰነዱ በባንክ፣ በጉምሩክ ወይም በሌላ መሥሪያ ቤት እጅ ከሆነ ቁጥር 145 አለላችሁ። ፍርድ ቤቱ ትእዛዝ ጽፎ ያስመጣዋል።

ክስ ማሻሻል፦ ለአብዛኛው ጉድለት የመጀመሪያ ምርጫ

ቁጥር 91 የሚለው በአጭሩ ይህ ነው። ፍርድ ከመሰጠቱ በፊት፣ ለትክክለኛ ፍትሕ አስፈላጊ ሆኖ ሲገኝ፣ ፍርድ ቤቱ ተከራካሪዎች አቤቱታቸውን እንዲያሻሽሉ ሊፈቅድ ይችላል። ሁለት ነገር ልብ በሉ። አንደኛ፣ መብት ሳይሆን ፈቃድ ነው። "ይችላል" ነው የሚለው። ሁለተኛ፣ አቤቱታ የሚለው ቃል ክስን ብቻ አይመለከትም። በቁጥር 80 ትርጉም መሠረት የመከላከያ መልስም፣ የተከሳሽ ከሳሽነት ክስም (ተከሳሹ በበኩሉ በከሳሹ ላይ የሚያቀርበው ክስ)፣ የይግባኝ ማመልከቻም ውስጡ አለ። ስለዚህ በሩ ለተከሳሽም ክፍት ነው።

ማሻሻል ከሌሎቹ የሚበልጥበት ትልቁ ነገር ያላችሁን ሁሉ ይዛችሁ መቀጠላችሁ ነው። መዝገቡ ያው ነው። የከፈላችሁት የዳኝነት ገንዘብ አለ። የክሱ መጠን ካደገ ልዩነቱን ትከፍላላችሁ። ከሁሉ በላይ ደግሞ ያስወጣችሁት እግድ አይነካም። የተከሳሹን የባንክ ሒሳብ ወይም መኪና ፍርድ እስኪሰጥ ድረስ አሳግዳችሁ ከሆነ፣ ይህ ብቻውን ምርጫውን ሊወስነው ይችላል። መዝገቡ ከተዘጋ እግዱም አብሮ ይነሳል። አዲስ ክስ ከፍታችሁ አዲስ እግድ እስክታስወጡ ሒሳቡ ባዶ ሊሆን ይችላል። ይህን ስጋት ቀላል አድርጋችሁ አትዩት።

በምሳሌያችን ወለዱ ለማሻሻል የተሠራ ጉድለት ነው። በፍትሐ ብሔር ሕጉ ቁጥር 1751 የሕጋዊ ወለድ መጠን በዓመት 9 በመቶ ነው። በ9,200,000 ብር ላይ በዓመት 828,000 ብር ይመጣል። ክርክሩ ሁለት ዓመት ቢቆይ 1,656,000 ብር ይሆናል። ፍርድ ቤት ያልተጠየቀ ዳኝነት አይሰጥም። "ዳኛው ራሱ ያስበዋል" ብሎ መተው ይህን ሁሉ ገንዘብ መተው ነው። ታሪኩ አልተቀየረም፣ ተከሳሹም አዲስ ነገር አልተነገረውም። እንዲህ ያለ ማሻሻያ ሲቀርብ ፍርድ ቤት የሚከለክልበት ምክንያት ጠባብ ነው።

የውል ይፈጸምልኝ ጥያቄን ወደ ውል ይፍረስልኝ መቀየርስ? ይህ ትንሽ ከበድ ይላል። የፍትሐ ብሔር ሕጉ ቁጥር 1771 የተጎዳው ወገን ውሉ እንዲፈጸም ወይም እንዲሰረዝ መምረጥ እንደሚችል፣ ከዚህ ጋርም ኪሳራ መጠየቅ እንደሚችል ይነግረናል። ፍሬ ነገሩ አንድ ስለሆነ ማሻሻያው የሚያስኬድ ነው። የሚሻለው ግን ከመጀመሪያው ሁለቱንም ማስገባት ነው። "ውሉ ይፈጸምልኝ፤ ይህ የማይቻል ከሆነ በአማራጭ ይሰረዝልኝና ኪሳራ ይከፈለኝ" ብሎ መጻፍ አይከለከልም። ሁለቱን አንድ ላይ ያለ ልዩነት መጠየቅ ግን ክሱን እርስ በርሱ ያጣላዋል።

የማይፈቀድ የሚመስለኝ ማሻሻያ ታሪኩን ከሥሩ የሚለውጠው ነው። በሽያጭ ውል ከሳችሁ ስታበቁ፣ ተከሳሹ ውሉን ሲክድ "እንግዲያው ገንዘቡ የሽርክና መዋጮዬ ነበር" ማለት። ይህ ሌላ የክስ ምክንያት ነው። ተከሳሹ እስካሁን የሰጠው መልስ ሁሉ ከንቱ ይሆናል። ዳኛውም በእናንተ ላይ ያለው እምነት ይቀንሳል። ይህኛው ጉዳት በመዝገቡ ላይ አይጻፍም። ግን እስከ ፍርድ ይከተላችኋል።

ጊዜውም ይወስናል። ሕጉ እስከ ፍርድ ድረስ ይላል። በተግባር ግን ሦስት ደረጃ አለ። ተከሳሹ መልስ ከመስጠቱ በፊት ብታሻሽሉ ማንም ብዙም አይጎዳም። መልስ ተሰጥቶ ክስ ከመሰማቱ በፊትም አሁንም ጥሩ ነው። ጭብጥ (ፍርድ ቤቱ የሚወስንበት የክርክር ነጥብ) ተይዞ ምስክር ከተሰማ በኋላ ግን "እስካሁን የት ነበራችሁ?" የሚለው ጥያቄ ይመጣል። ምክንያታችሁ "በኋላ የተገኘ ነው" የሚል ከሆነና ካስረዳችሁ ተስፋ አለ። "ጠበቃ ቀየርኩ" ብቻውን ደካማ ነው።

መጠኑ ሲያድግ የሚመጣ ወጥመድ

አሁን ወደ መቀጫው እንምጣ። 9,200,000 ላይ 1,100,000 ሲደመር 10,300,000 ብር ይሆናል። በ2013 ዓ.ም. የወጣው የፌዴራል ፍርድ ቤቶች አዋጅ ቁጥር 1234 የመጀመሪያ ደረጃውን ፍርድ ቤት በገንዘብ የሚገመት ሥልጣን በ10 ሚሊዮን ብር ወስኖታል። ከዚያ በላይ ያለው የከፍተኛው ፍርድ ቤት ነው። ስለዚህ ክሱን ባሻሻላችሁ ቅጽበት ፍርድ ቤቱ ሥልጣን ያጣል። መዝገቡን ዘግቶ "ሥልጣን ወዳለው ፍርድ ቤት ሂዱ" ሊላችሁ ይችላል።

እዚህ ሁለት ምርጫ አለ። አንዱ ክሱን በፈቃድ አንስቶ በከፍተኛው ፍርድ ቤት ሙሉውን መክሰስ ነው። ሌላው ከመቀጫው 300,000 ብር ትቶ በ10 ሚሊዮን ላይ መቆም ነው። እኔ ብሆን መዝገቡ የት እንደደረሰ አያለሁ። ገና መልስ ካልተሰጠና እግድ ከሌለ ወደ ከፍተኛው ፍርድ ቤት እሄዳለሁ። ምስክር ተሰምቶ ፍርድ ከተቃረበ ግን 300,000 ብሩን መተው ከሁለት ዓመት አዲስ ክርክር ይሻላል። ተከሳሹ ገንዘብ እያሸሸ ከሆነማ ምንም አላመነታም። የምተወውን ግን በግልጽ ጽፌ እተዋለሁ። በኋላ ተመልሼ ልጠይቀው እንደማልችል አውቄ ማለት ነው።

ሌላ ክስ መክፈት፦ ቀላል የሚመስለው አደገኛ መንገድ

"መቀጫውን ለብቻው በሌላ መዝገብ እከሳለሁ" የሚል ሐሳብ ብዙ ነጋዴ ይወዳል። ያለው መዝገብ አይነካ፣ አዲሱ በጎን ይሂድ። ችግሩ ቁጥር 216 ነው። ከአንድ የክስ ምክንያት የሚመነጨው ጥያቄ በአንድ ክስ ተጠቃሎ መቅረብ አለበት። ያለ ፍርድ ቤት ፈቃድ ከፊሉን ትቶ የከሰሰ ሰው የተወውን በኋላ ለብቻው መጠየቅ አይችልም። የፌሮው ዋጋና የዘገየበት መቀጫ ከአንድ ውል፣ ከአንድ አለመክፈል የመጡ ናቸው። ተከሳሹ ይህን መቃወሚያ እንደሚያነሳ እርግጠኛ ሁኑ። የመጀመሪያው ፍርድ ካገኘ ደግሞ ቁጥር 5 ይጨመራል፤ በአንድ ጉዳይ ሁለት ጊዜ አይከሰስም። ክርክሩ ገና በሂደት ላይ ከሆነ ደግሞ እየታየ ያለ ጉዳይ በሌላ ክስ እንዳይታይ የሚከለክለው ቁጥር 8 አለ።

ሁለተኛ ክስ ትክክል የሚሆነው ጉዳዩ በእውነት ሌላ ሲሆን ነው። አቅራቢው ለዚያው ኩባንያ በሌላ ውል ሲሚንቶም ሸጦ ያ ዋጋ ካልተከፈለ፣ ያ ሌላ ክስ ነው። ሁለቱን መዝገቦች አንድ ዳኛ ቢያያቸው የሚጠቅም ከሆነ በቁጥር 11 እንዲጣመሩ መጠየቅ ይቻላል። ክሱ ከቀረበ በኋላ የደረሰ አዲስ ጥሰትም እንዲሁ ለብቻው መሄድ ይችላል።

ክስ ማንሳት፦ ፈቃዱን በጽሑፍ ሳትይዙ አትውጡ

ቁጥር 278 ከሳሽ ክሱን ማንሳት እንደሚችል ይናገራል። እዚህ ሁለት ዓይነት ማንሳት አለ። ልዩነታቸው የሰማይና የምድር ነው። አንደኛው እንደገና ለመክሰስ ፍርድ ቤቱ ፈቅዶላችሁ ማንሳት ነው። ፈቃዱ የሚሰጠው ክሱ በአቀራረብ ጉድለት የተነሳ የማይዘልቅ ሲሆን ወይም ሌላ በቂ ምክንያት ሲኖር ነው። ሁለተኛው ያለ ፈቃድ ማንሳት ነው። ይህ ጉዳዩን እስከ ወዲያኛው ሊቀብረው ይችላል። ችሎት ላይ ቆሞ "ክሴን አንስቻለሁ" ብሎ መውጣት የአንድ ደቂቃ ሥራ ነው። ትእዛዙ ላይ "እንደገና የመክሰስ መብቱ ተጠብቆለት" የሚል ሐረግ ከሌለ ግን በቀጣዩ ክስ ላይ የመጀመሪያው መቃወሚያ ሆኖ ይመጣል። ማመልከቻው ላይ ይህንኑ በግልጽ ጠይቁ። የትእዛዙን ግልባጭም ወስዳችሁ አንብቡ።

ማንሳት የሚመረጠው መቼ ነው? ፍርድ ቤቱ ሥልጣን ከሌለው። ውሉ ላይ የግልግል ስምምነት ኖሮ ተከሳሹ ይህን በጊዜው ካነሳ፤ ይህን በክስ ማሻሻል መጠገን አይቻልም። ወይም ክሱ ከሥሩ የተሳሳተ ታሪክ ላይ ቆሞ ማሻሻያው ከተከለከለ። ከዚህ ውጭ ማንሳትን ከሁሉ በኋላ አስቡት።

ምክንያቴ ይርጋ፣ ማለትም ክስ የማቅረቢያው የጊዜ ገደብ፣ ነው። በፍትሐ ብሔር ሕጉ ቁጥር 1845 ለውል የተቀመጠው ጠቅላላ ይርጋ 10 ዓመት ነው። ይህን የሚያውቅ ነጋዴ ጊዜ የተትረፈረፈለት ይመስለዋል። ግን በንግድ ውስጥ አጫጭር ጊዜዎች ሞልተዋል። የገዛችሁት ዕቃ ጉድለት ኖሮበት ለሻጩ ካስታወቃችሁ በኋላ ክሱን በአንድ ዓመት ውስጥ ማቅረብ አለባችሁ፤ የዚያው ሕግ ቁጥር 2298 ነው። ውል እንዲፈርስ በስህተት ወይም በማታለል ምክንያት ለመጠየቅ ሁለት ዓመት ነው፤ የዚያው ሕግ ቁጥር 1810። በቼክ ላይ ብቻ የሚመሠረት ክስ ከውሉ ይርጋ እጅግ ያጠረ ጊዜ አለው። የመጀመሪያውን ክስ አንስታችሁ ሁለተኛውን ስትከፍቱ የመጀመሪያው ይርጋውን አቁሞልኛል ብላችሁ አትመኩ። ተከሳሹ ያነሳችሁት ክስ እንዳልነበረ ቆጥሮ ይከራከራል። ስለዚህ ከማንሳታችሁ በፊት ወረቀት ላይ ቀኖቹን ጻፉ። ዛሬ አዲስ ክስ ብትከፍቱ የይርጋው ጊዜ አልፎ ይሆን? ካለፈ ወይም አጠራጣሪ ከሆነ፣ አታንሱ። ያላችሁን ክስ አሻሽሉ።

ማሻሻልም ከይርጋ ሙሉ በሙሉ አያድንም። በማሻሻያ የገባው አዲስ ጥያቄ ጊዜው ያለፈበት ከሆነ ተከሳሹ በዚያ ጥያቄ ላይ ብቻ ይርጋ ያነሳል። ዋናው ክስ ግን ባለበት ይቆያል። ልዩነቱ ይህ ነው።

አንድ ነገር ለውጭ ነዋሪዎች። አሜሪካ፣ እስራኤል ወይም ዱባይ ሆናችሁ አዲስ አበባ ያለ ክርክር በወኪል የምታካሂዱ ከሆነ ውክልናውን አውጡና አንብቡት። ክስ የማሻሻል፣ የማንሳትና የመታረቅ ሥልጣን በግልጽ ተጽፎበታል? "በማንኛውም ፍርድ ቤት ይከራከርልኝ" የሚል ብቻ ከሆነ ወኪላችሁ ክስ ሊያነሳ ወይም ሊታረቅ ሲል ጥያቄ ይነሳበታል። በኤምባሲ ወይም በቆንስላ በኩል አዲስ ውክልና እስኪደርስ ቀጠሮ ያልፋል።

የተሳሳተ ሰው ከተከሰሰ

ይህ በንግድ ክስ ውስጥ የተለመደ ስህተት ነው። ኃላፊነቱ የተወሰነ የግል ማኅበር የራሱ ሰውነት አለው። ሥራ አስኪያጁ ለማኅበሩ ከፈረመ ዕዳው የማኅበሩ ነው። በሌላ በኩል "እገሌ ሕንፃ መሣሪያ" የሚል ስም በር ላይ ተሰቅሎ ስታዩ ድርጅት አለ ብላችሁ አትገምቱ። የግለሰብ ንግድ ከሆነ የንግድ ስሙ አይከሰስም፤ የሚከሰሰው ባለቤቱ ነው። የንግድ ምዝገባውን ማውጣት ይህን ሁሉ ያስቀራል።

ስህተቱ ከተፈጠረ ቁጥር 40 ተከራካሪዎችን ለመጨመርና ለማስወጣት መንገድ ይሰጣል። በምሳሌያችን አቅራቢው ኩባንያው በተከሳሽነት እንዲገባ፣ ሥራ አስኪያጁም እንዲወጣ ማመልከት ይችላል። ይህን ከክስ ማሻሻያው ጋር በአንድ ማመልከቻ ማቅረብ ይሻላል፤ ኩባንያው ሲገባ የክሱ ታሪክም አብሮ መስተካከል አለበትና። ሥራ አስኪያጁ በቁጥር 244 "ክሱ አይመለከተኝም" የሚል መቃወሚያ አንስቶ ብይን እስኪሰጥ መጠበቅ ግን አያዋጣም። ብይኑ እሱን ካሰናበተው መዝገቡ ላይ የሚቀር ተከሳሽ የለም። አዲስ የገባው ተከሳሽ ይርጋን ለራሱ ከገባበት ቀን ቆጥሮ ሊከራከር ስለሚችል እዚህም ቀኑ ይታይ።

ሁለቱንም መክሰስ ለደህንነት ይሻላል የሚሉ አሉ። ሥራ አስኪያጁ በግሉ ዋስ ሆኖ ካልፈረመ ወይም ራሱ የፈጸመው ጥፋት ከሌለ እኔ አልስማማም። በማይመለከተው ሰው ላይ የቀረበ ክስ ወጪና ኪሳራ ያስከፍላል።

ሳይነኩ መተው

አንዳንድ ጉድለት መጠገን አያስፈልገውም። የርክክቡ ቀን በአንድ ቀን ተሳስቶ ተጽፎ ከሆነና ሰነዱ ትክክለኛውን የሚያሳይ ከሆነ፣ ክስ ሲሰማ በቃል ማስተካከልና በመዝገብ ማስያዝ ይበቃል። ዳኛው በቁጥር 241 ግራ ቀኙን የሚጠይቀው የተድበሰበሰውን ለማጥራት ነው። የተያዘው ጭብጥ ጠባብ ወይም የተሳሳተ ከሆነም መጀመሪያ የሚጠየቀው ጭብጡ እንዲስተካከል ነው። ቁጥር 251 ፍርድ ቤቱ ከፍርድ በፊት ጭብጡን እንዲለውጥ ወይም እንዲጨምር ይፈቅድለታል። ጭብጥ ማስተካከል አዲስ መልስና አዲስ ቀጠሮ ስለማያስከትል ከማሻሻል ይቀላል። በክሱ ውስጥ ፈጽሞ ያልተነገረ ነገር ግን በጭብጥ በኩል አይገባም።

እናንተ ተከሳሽ ከሆናችሁ

ሚዛኑ እዚህ ይለወጣል። ለተከሳሽ ትልቁ አደጋ የተረሳ መቃወሚያ ነው። ቁጥር 244 የዘረዘራቸው የመጀመሪያ ደረጃ መቃወሚያዎች ቶሎ ካልተነሱ እንደተተዉ ይቆጠራሉ። ሥልጣንን የመሰለ ፍርዱን ከሥር የሚያፈርስ ጉዳይ ብቻ የተለየ ነው። ይርጋን ደግሞ ፍርድ ቤት በራሱ አያነሳም፤ የፍትሐ ብሔር ሕጉ ቁጥር 1856 ይከለክለዋል። መልሳችሁ ላይ ይርጋ ከረሳችሁ በቁጥር 91 አሻሽላችሁ ለማስገባት መሞከር ትችላላችሁ። ግን ከሳሹ "ጊዜው አልፎበታል፣ ትቶታል" ይላችኋል፤ ክርክሩም ጠንካራ ነው። በዚህ ላይ የምትሞክሩ ከሆነ ክስ ከመሰማቱ በፊት ይሁን።

አንድ መልካም ዕድል ግን አለ። ከሳሹ ክሱን ሲያሻሽል እናንተም ለተሻሻለው ክስ አዲስ መልስ ትሰጣላችሁ። ለአዲሱ ጥያቄ ያላችሁን መቃወሚያ ሁሉ ያኔ አስገቡ። ለተጓተተው ቀጠሮም ኪሳራ ጠይቁ።

ተቋራጩ ፌሮው ከውሉ ደረጃ በታች ነው የሚል ቅሬታ ካለውስ? "አልከፍልም" ብሎ በመከላከል ብቻ ከቆመ ቢበዛ ከክፍያ ይድናል። የደረሰበትን ኪሳራ ለማግኘት የተከሳሽ ከሳሽነት ክስ ማቅረብ አለበት። ቁጥር 234 ይህን ከመልሱ ጋር እንዲያቀርብ ያስችለዋል። እንደማንኛውም ክስ የዳኝነት ገንዘብ ይከፈልበታል። በመልሱ ላይ ከረሳው ለብቻው ከሶ መዝገቦቹ እንዲጣመሩ መጠየቅ ይችላል። የዕቃ ጉድለት የአንድ ዓመት ጊዜ ግን እየሄደ መሆኑን አይርሳ። ፌሮውን ለአቅራቢው የሸጠለት አስመጪ ኃላፊ ነው የሚባል ከሆነ ደግሞ አቅራቢው፣ ለዚያ ጥያቄ ራሱ ተከሳሽ ስለሚሆን፣ በቁጥር 43 አስመጪውን ወደ ክርክሩ ማስጠራት ይችላል።

ማመልከቻውን ስትጽፉ

ማሻሻልን ከመረጣችሁ አንድ ጊዜ፣ ሙሉ በሙሉ አድርጉት። ዛሬ ወለድ፣ ቀጣይ ቀጠሮ መቀጫ፣ ከዚያ ደግሞ ተከሳሽ መቀየር ዳኛን ያሰለቻል። ሦስቱንም ሰብስባችሁ በአንድ ጊዜ አቅርቡ።

ማመልከቻው አጭር ይሁን። ምን እንደሚሻሻል፣ ለምን በመጀመሪያ እንዳልተካተተ፣ ተከሳሹ ለምን እንደማይጎዳ ይናገር። የተሻሻለውን ክስ ረቂቅ አብራችሁ አያይዙ፤ ዳኛው ምን እንደሚፈቅድ ዓይቶ ይወስን። የተሻሻለው ክስ ራሱን የቻለ ይሁን። "በቀድሞው ክስ ተራ ቁጥር 4 ላይ የጠቀስኩት እንዳለ ሆኖ" እያለ ወደኋላ የሚጠቅስ ክስ ለማንም አይመችም። የተጨመረውንና የተለወጠውን ማመልከቻው ላይ በግልጽ አመልክቱ። እንደመጀመሪያው ክስ ሁሉ በቁጥር 92 መሠረት በእውነት የቀረበ መሆኑ ተረጋግጦ ይፈረም። ፍርድ ቤቱ የወሰነላችሁን ቀን አታሳልፉ።

ዕርቅንም አስቡበት። የማሻሻያ ማመልከቻ ሲደርሰው ተከሳሹ ነገሩ እየከበደ መሆኑን ያያል። 9,200,000 የነበረው ጥያቄ ወለድ ሲጨመርበት እያደገ ነው። ለድርድር የሚመቸው ጊዜ ይህ ነው። የፌዴራል ፍርድ ቤቶች አዋጅ በፍርድ ቤት የሚመራ አስማሚነትን አካትቷል። በቁጥር 274 መሠረት የተደረሰ ዕርቅም በመዝገብ ላይ ይሰፍራል።

ፈቃዱ ከተከለከለ

"የክስ ማሻሻያ ጥያቄው ተቀባይነት የለውም" የሚል ብይን ቢሰጥ ወዲያው ይግባኝ ለማለት አትሩጡ። በቁጥር 320 መሠረት በክርክር መሐል በሚሰጡ እንዲህ ባሉ ትእዛዞች ላይ ለብቻው ይግባኝ አይባልም። የሚነሳው ከመጨረሻው ፍርድ ጋር ነው። ስለዚህ የማሻሻያ ማመልከቻችሁ፣ የተያያዘው ረቂቅና የተከለከለበት ምክንያት በመዝገቡ ላይ በትክክል መስፈራቸውን አረጋግጡ። ይግባኝ ሰሚው ፍርድ ቤት የሚያየው መዝገቡን ነው። ቁጥር 329 በሥር ፍርድ ቤት ያልተነሳ አዲስ ክርክር በይግባኝ እንዳይነሳ ስለሚከለክል፣ በጽሑፍ ጠይቃችሁ የተከለከላችሁትና ጨርሶ ያልጠየቃችሁት እኩል አይታዩም።

እስከዚያው ክርክሩን በያዛችሁት ክስ ቀጥሉ። ማሻሻያው የተከለከለው ጥያቄው ሌላ የክስ ምክንያት ነው ተብሎ ከሆነ የብይኑን ግልባጭ ያዙ። በዚያ ጥያቄ ለብቻው ስትከሱ ተከሳሹ ቁጥር 216ን ቢያነሳባችሁ መልሳችሁ ያ ብይን ነው። ይርጋው ሳያልፍ ክሱን ክፈቱ።